የ15 ወሩ መርፌ እንዳይረሳ

ልጃችሁ ዓመት ካለፈው እባካችሁ የክትባት ካርዱን አውጡና እዩት። የኩፍኝ ክትባት ሁለት ጊዜ ነው። አንዱ በ9 ወር፣ ሌላው በ15 ወር። እዚህ ደብረ ብርሃን በየቡናው ላይ የምሰማው ግን «በ9 ወር ጨረሰች» የሚል ነው።

ጎረቤቴም እንደዚያው አለችኝ። ካርዱን አምጪው ብያት አየሁት። የ6፣ የ10፣ የ14 ሳምንቱ ሁሉ በእስክርቢቶ ተሞልቷል። የ9 ወሩም አለ። ከሱ ቀጥሎ ያለችው መስመር ባዶ ናት። ልጅቷ 17 ወሯ ነው። እናትየዋ ደግሞ የምትዘናጋ ሰው አይደለችም፤ በዚያ ውርጭ ልጇን በጋቢ ጠቅልላ ስትመላለስ አይቻታለሁ። ትልቁን ልጇን ስታስከትብ እውነትም 9 ወር መጨረሻው ነበር። ሁለተኛው መርፌ በመደበኛው ክትባት ውስጥ የገባው በ2011 ዓ.ም. ነው። ማን ይንገራት?

«አንዴ ከተወጋች ምን ያደርግላታል?» አለችኝ። ጥያቄው ተገቢ ነው። ሕፃን ሲወለድ ከእናቱ የወረሰው መከላከያ በደሙ ውስጥ አለ። ለወራት ይጠብቀዋል፤ ክትባቱ እንዳይሠራ የሚያደርገውም እሱው ነው። ለዚህ ነው እስከ 9 ወር የሚጠበቀው። ያኔም ቢሆን ከተከተቡ 100 ልጆች የሚይዝላቸው 85 ያህሉ ናቸው። የቀሩት ተወግተዋል፣ ካርዳቸው ላይ ተጽፏል፣ ኩፍኝ ሲመጣ ግን ይይዛቸዋል። የትኛው ልጅ እንደሆነ በዓይን አይለይም። የ15 ወሩ መርፌ ለነሱ ነው የሚደርሰው።

ኩፍኝ ደግሞ የዋዛ አይደለም። የታመመ ልጅ ካሳለበት ክፍል ከወጣ በኋላ እንኳ ቫይረሱ እስከ 2 ሰዓት አየር ላይ ይቆያል። ሽፍታው ከመውጣቱ 4 ቀን አስቀድሞም ያስተላልፋል። ያኔ እናቱ ጉንፋን ነው ብላ ነው የምታስበው። እኛ ደጋ የምንኖር ሰዎች ደግሞ በር ዘግተን፣ እሳት ከበን፣ ልጅ በልጅ ላይ ተደራርቦ ነው የምናድረው። ኩፍኝ ከዚህ የተሻለ ቤት አያገኝም። በሽታው እንዳይዛመት ከ100 ሰው 95ቱ መከላከያ ሊኖረው ይገባል።

እማዬ የመንዝ ልጅ ናት። በሷ ጊዜ ኩፍኝ የወጣበት ልጅ ጨለማ ጓዳ ተከቶ ይሸፈናል፤ መርፌ ይገድለዋል ተብሎ ሐኪም ጋ አይወሰድም። ታናሽ እህቷ ዓይኗን ያጣችው እንደዚያ ተኝታ ነው። አክስቴ ዛሬም ቡና ስትቀዳ ሲኒውን በጣቷ ጫፍ እየዳሰሰች ነው። ዛሬ ኩፍኝ የያዘው ልጅ ጤና ጣቢያ ቢሄድ 2 ቀን በተከታታይ ቫይታሚን ኤ ይሰጠዋል፤ ዓይንን የሚያተርፈው እሱ ነው። ይሄን ባሰብኩ ቁጥር ሆዴ ይላወሳል። ቫይታሚኗ ጠብታ እኮ ናት!

አንድ ነገር ደግሞ ያናድደኛል። ልጅ ታቅፋ የሄደችን እናት «ብልቃጡ ዛሬ አይከፈትም፣ ሌላ ቀን ነይ» ብሎ መመለስ። ምክንያቱ ይገባኛል። የኩፍኝ ክትባት ዱቄት ነው። አንዱ ብልቃጥ ለብዙ ልጅ ነው፤ ከተበጠበጠ በኋላ ከ6 ሰዓት በላይ አይቆይም፣ የተረፈው ይደፋል። ግን ከገጠር ሁለት ሰዓት በእግሯ የመጣች ሴት ሁለተኛ አትመለስም። እኔ ለአንድ ልጅም ቢሆን ይከፈት ባይ ነኝ። እስከዚያው ግን የክትባቱን ቀን አስቀድማችሁ ጠይቁ፤ ከቻላችሁም ሦስት አራት ሆናችሁ ሂዱ። ልጆቹ ከበዙ ብልቃጡን የሚከለክላችሁ የለም።

ከተከተበ ከሳምንት በኋላ ትንሽ ትኩሳት ወይም ቀላል ሽፍታ ቢያዩበት አትደንግጡ፤ ያልፋል። 15 ወሩ ቢያልፍም «ረፍዷል» ብላችሁ አትቅሩ፤ ይሰጠዋል። ካርዱ ቢጠፋም ሂዱ፤ የልጁን ስምና የተከተበበትን ወር ንገሯቸው፣ ከመዝገብ ይፈልጉታል።