ወደ ኮልቸስተር፣ ለአንዲት ሠዓሊ ብዬ

እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 2016 ነው። ቅዳሜ ጠዋት ለንደን ሊቨርፑል ስትሪት ጣቢያ ባቡር ተሳፈርኩ። ኮልቸስተር አንድ ሰዓት ያህል ይርቃል። ከተማዋ የሮማውያን አጥር ያላት ጥንታዊ ከተማ ናት። እኔን የወሰደኝ ግን ፈርስትሳይት የተባለው ጋለሪ ነው። የእንግሊዛዊቷ ሠዓሊ የጂ ቮሸር ሥዕሎች እዚያ ተሰቅለዋል።

ጂ ቮሸርን የማውቃት በሠራችው የሙዚቃ ሸክላ ሽፋን ነው። ከዓመታት በፊት አንድ የሥራ ባልደረባዬ ቤት የክራስን ሸክላ አየሁ። ክራስ በ1977 የተመሠረተ የእንግሊዝ አናርኪስት (ማንኛውንም መንግሥት የማይቀበል) ፓንክ ባንድ ነው፤ ፓንክ ፈጣንና ቁጡ የሮክ ሙዚቃ ነው። ሙዚቃው ያን ቀን ከበደኝ። ሽፋኑን ግን ከእጄ ማስቀመጥ አቃተኝ። ስዘረጋው እየሰፋ ሄዶ ግድግዳ ላይ የሚለጠፍ ፖስተር ሆነ። በጥቁርና ነጭ ነው። ከጋዜጣ በመቀስ ተቆርጦ የተለጣጠፈ ፎቶ መሰለኝ። ኮልቸስተር እስክደርስም ይህንኑ አምን ነበር።

ጋለሪው ወርቃማ ቆርቆሮ የለበሰ፣ እንደ ጨረቃ የጎበጠ ሕንፃ ነው። ብርድ ስለነበር ፈጥኜ ገባሁ። አንዱን የክራስ ዘመን ሥዕል ተጠግቼ ሳየው ደነገጥኩ። ፎቶ አይደለም! በውሃ በተበጠበጠ ጉዋሽ ቀለም፣ በቀጭን ብሩሽ፣ ጭረት በጭረት የተሣለ ነው። የፊት መጨማደዱ፣ የጨርቁ እጥፋት፣ ጥላው፣ ሁሉም በእጅ። ስንት ሌሊት አጎንብሳ ይሆን? ፓንክ ሲባል በችኮላ የተሠራ ነገር ይመስለኝ ነበር። እዚህ ያየሁት ቁጣ ግን ትዕግሥት ያለው ቁጣ ነው። ልቤን የነካው ይሄ ነው።

በ1980 ለወጣው የክራስ ሸክላ የሠራችውን አስታወስኩ። ሴክስ ፒስትልስ የተባለውን የእንግሊዝ ፓንክ ባንድ ታዋቂ ፎቶ ወስዳ፣ በአባላቱ አንገት ላይ የንግሥት ኤልሳቤጥን፣ የጳጳሱን፣ የማርጋሬት ታቸርንና የፍትሕ ሐውልትን ራስ ተከለችበት። ንግግር አያስፈልገውም፤ ያየ ሁሉ ይገባዋል።

ጂ ዳገንሃም የተወለደች ናት። ኒው ዮርክ ሄዳ ለትልልቅ ጋዜጦችና መጽሔቶች ሥላለች። እዚያው መቅረት ትችል ነበር። ተመልሳ ግን ኤሴክስ ውስጥ ዳያል ሃውስ በሚባል አሮጌ የገበሬ ቤት ከባንዱ ጋር ኖረች። ከባንዱ መሥራቾች አንዱ የሆነው ከበሮ መቺው ፔኒ ሪምቦ ከ1967 ጀምሮ ቤቱን ለእንግዳ ክፍት አድርጎት ነበር። ሽፋኖቹ የተሠሩት በዚህ ኑሮ መሃል ነው። ዋጋውም ሽፋኑ ላይ ይታተም ነበር፤ ‹ከዚህ በላይ እንዳትከፍሉ› ለማለት። አንዱ የ1979 ነጠላ ሸክላ 45 ፔንስ ብቻ ነበር። ኪሱ ባዶ የሆነ ልጅም የጂ ቮሸርን ሥዕል ቤቱ ግድግዳ ላይ ይለጥፍ ነበር ማለት ነው። እኔ ከጋለሪ ይልቅ ይህን አከብራለሁ።

ፊቷን በእጆቿ የሸፈነችውን የነፃነት ሐውልትም የሣለችው እሷ ናት፣ በ1989። ከወር በፊት፣ ከአሜሪካው ምርጫ ማግሥት፣ ዴይሊ ሚረር የፊት ገጽ ላይ አይቻታለሁ። ሃያ ሰባት ዓመት ቆይታ እንደ ትኩስ ዜና ወጣች።

ስመለስ ጨልሟል። ማታ ቤቴ ቆየት ብዬ የገዛሁትን ሸክላ ሽፋን ወለሉ ላይ ዘረጋሁት። የብሩሹን ጭረት በአምፖል ብርሃን ፈለግኩ። ሕትመት ላይ አይታይም።