የአሰልጣኟ ጉልበት

ዛሬ ልጄን እዚሁ ቶሮንቶ የበረዶ ስኬቲንግ ልምምድ ወሰድኳት። ቡናዬን ይዤ ዳር ላይ ተንቀጠቀጥኩ። (ከብርድ ሸሽቶ በረዶ ቤት መግባት!)

ልጅቷ ለመዝለል ስትንደረደር ዓይኔ አሰልጣኟ ላይ አረፈ። ስልሳ ያለፋቸው ሴትዮ ናቸው። ልጄ ስትዘል የሳቸውም ጉልበት እጥፍ አለ፤ ተረከዛቸው ከመሬት ተነሳ። እሷ ወደቀች። ፊታቸውን ያጨማደዱት ግን እሳቸው ናቸው።

ብራያን ኦርሰር ትዝ አለኝ። ካናዳዊው የበረዶ ስኬቲንግ ተወዳዳሪ ኦርሰር እ.ኤ.አ. በ1984 ሳራዬቮ ኦሎምፒክ ላይ ብር አገኘ። በ1988 በገዛ አገሩ፣ ካልጋሪ፣ ወርቁ በዳኞች አምስት ለአራት ድምፅ ለአሜሪካዊው ብራያን ቦይታኖ ሄደ። አሁንም ብር። የኦሎምፒክ ወርቅ ሳያገኝ ቀረ። በ2010 ቫንኩቨር ላይ ግን ተማሪው ኪም ዩና ስትወዳደር፣ ዳር ቆሞ አብሯት ሲዘል ካሜራ ያዘው። ሙሉ ልብስ ለብሶ! ወርቁን ወሰደች። ሌላው ተማሪው ዩዙሩ ሃንዩ ደግሞ በ2014ም በ2018ም ደገመው።

ልምምዱ ሲያልቅ ሴትዮዋን «እርስዎም አብረው ይዘላሉ እኮ» አልኳቸው። ሳቁ። ቀኝ ጉልበታቸውን መታ መታ አድርገው «ይሄኛው ብረት ነው» አሉኝ።