የሚጨበጨብለት እርምጃ

እንቅልፍ እምቢ ብሎኛል። ማታ የሥራ ባልደረባዬ «ፈረስ ትወዳለህ አይደል፣ ና» ብሎ አሜሪካ፣ ቴነሲ ግዛት፣ ከናሽቪል ወጣ ብላ ባለች ከተማ የፈረስ ትርዒት አሳየኝ። የአዊ ልጅ ነኝ፣ ጥር 23 ሲመጣ እንጅባራ ላይ ፈረሰኞቹን እያየሁ ያደግሁ፣ እንዴት እምቢ እላለሁ?

ቴነሲ ዎኪንግ ሆርስ ይሏቸዋል። እኛ ሰጋር የምንለው ዓይነት ናቸው፣ ሲሄዱ የተቀመጠባቸውን ሰው አይንጡም። ሜዳው ውስጥ ግን የፊት እግራቸውን ወደ ደረታቸው ያነሳሉ፣ ኋላቸው ቁጭ ሊል እንደፈለገ ዝቅ ይላል። ሕዝቡ አበደ። እኔም አጨበጨብኩ።

ከዚያ አንዱ በአጥሩ ጥግ አለፈ። ከሰኮናው ሥር የተደራረበ ወፍራም ታኮ አለ፣ ከበላዩ ሰንሰለት ታስሯል፣ በየእርምጃው ይንኳኳል። እጄ ቆመ።

ቤት ገብቼ ሳነብ አመሸሁ። ሶሪንግ የሚባል ነገር አለ። የሰናፍጭ ዘይት፣ ናፍጣ ወይም ላምባ ከሰኮናው በላይ ይቀቡና ቆዳው እስኪቃጠል በፕላስቲክ ይጠቀልሉታል፣ ከዚያ ሰንሰለቱ ቁስሉን ሲመታው ፈረሱ መሬት መርገጥ ይፈራል፣ እግሩን ወደ ላይ ይወረውራል። የሚጨበጨብለት ያ ነው።

ይህን የሚከለክል ሕግ የወጣው እ.ኤ.አ. በ1970 ነው። በ2006 እዚያው ቴነሲ ሼልቢቪል ከተማ በሚካሄደው የእነዚህ ፈረሶች ትልቁ ውድድር ምርመራውን ያላለፉት በዝተው ዋናው ሻምፒዮን ሳይመረጥ ቀረ። ታኮውንና ሰንሰለቱን የሚከለክል ረቂቅ ደግሞ በ2019ም በ2022ም የተወካዮች ምክር ቤቱን አልፎ ሴኔት ላይ ቀረ። ሃምሳ ዓመት አልፎ!

እንቅልፍ የነሳኝ ግን ሌላ ነው። መርማሪው እግሩን በአውራ ጣቱ ጫን ጫን እያደረገ ነው የሚፈትሸው፣ ፈረሱ ከሸሸ ታመመ ማለት ነው። ስለዚህ አንዳንዶቹ አሰልጣኞች ቀድመው በረት ውስጥ ቁስሉን ይጫኑታል፣ ከተንቀሳቀሰ ይደበድቡታል። እንዲህ እያሉ ዝም ማለት ያስለምዱታል።

አገራችንም ጀርባው የተላጠ መጋዣ ሲገረፍ አይቻለሁ፣ ያም ያመኛል። ግን ማንም ትኬት ቆርጦ አላጨበጨበለትም።

አያቴ ሰጋር በቅሎ ነበረቻቸው። ከመንገድ ሲመለሱ፣ ውኃ እንኳን ሳይቀምሱ፣ እግሯን አንስተው ጠጠር ገብቶባት እንደሆነ ይዳብሳሉ። ካመማት ትነጥቃቸዋለች። «እዚህ ጋ ነው» ይሉና ቀስ ብለው ያወጡላታል።