በቀኝ ጎን

ትናንት ድሬዳዋ፣ መጋላ ሰፈር ይኖሩ የነበሩትን የአባቴን ወዳጅ ቀበርን። እኔ ክርስቲያን ነኝ፣ እሳቸው ሙስሊም። ድሬ ላይ ለቀብር ይሄ አይጠየቅም።

ልጃቸው ጉድጓድ ወርዶ ተቀበላቸው። በቀኝ ጎናቸው አጋድሞ ፊታቸውን ወደ ቂብላ፣ ወደ መካ አቅጣጫ አዞረ። ከዚያ አፈር በእጁ ጠፍጥፎ ከራሳቸው ስር ደገፍ አደረገ። "እንዳይጎረብጣቸው" አለ፣ ለማንም ሳይሆን።

ማታ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ያቺ የአፈር ትራስ ምቶቶን አስታወሰችኝ።

ምቶቶ በስዋሂሊ "ልጅ" ማለት ነው። ኬንያ፣ ፓንጋ ያ ሳይዲ ዋሻ ውስጥ የተገኘ የሦስት ዓመት ገደማ ሕፃን ነው። ከተቀበረ 78,000 ዓመት ሆኖታል። ጉልበቱን ወደ ደረቱ አጥፈው፣ በቀኝ ጎኑ ነው ያስተኙት። በፈረንጆቹ 2021 ይፋ ሲሆን ደጋግሜ ያነበብኩት ስለ አንገቱ ነው። የራሱ አወዳደቅ ከስሩ የሆነ ነገር እንደነበረ ያሳያል። ቅጠል ይሁን ቆዳ፣ በስብሶ ሲያልቅ ራሱ ዘንበል አለ። የትከሻውና የጎድን አጥንቱ አቀማመጥም ተጠቅልሎ እንደነበር ይመሰክራል።

እዚሁ ከከተማችን ወጣ ብሎ ፖርክ ኤፒክ ዋሻ አለ። ከ40,000 ዓመት በፊት ሰዎች ቀይ አፈር ይፈጩበት ነበር። ልጅ ሆነን እነዚያን ተራሮች እያየን ስንሮጥ ይህን የነገረን አልነበረም። ያሳዝነኛል።

የጥንት ሰው ከሞት በኋላ ሕይወት አለ ብሎ ያምን ነበር? እስራኤል፣ ቃፍዜህ ዋሻ ውስጥ ከ90,000 ዓመት በፊት ገደማ አንድ ልጅ ከአጋዘን ቀንድ ጋር ተቀብሯል። ቀንዱ ስንቅ ይመስላል፤ ብዙዎች እምነትን የሚያዩት እዚያ ነው። እኔን የሚይዘኝ ግን ትራሱ ነው። የሞተ ሰው አንገቱን አያመውም። ይህን እያወቁ ትራስ ካደረጉለት፣ ልጁ ለእነሱ ገና ልጅ ነበር።

ዛሬ ለቅሶ ቤት ከልጃቸው አጠገብ ተቀምጬ ስለ ምቶቶ ነገርኩት። ዝም ብሎ ሰማኝ።

"ትራሱን ማን እንዳደረገለት ይታወቃል?"

"አይታወቅም።"

"እናቱ ናት አቦ" አለኝ።