ያልፈረምኩባት ወረቀት

ይህን ልጽፍ ብዬ ስንት ጊዜ ተቀምጬ ተውኩት። ግን እግዚአብሔር ያደረገልኝን ውጬ ዝም ማለት አልቻልኩም።

ፊልም የሰራሁት ሁለት ዓመት ብቻ ነው። ሦስት ፊልም። ሦስቱም ከትልልቅ ስቱዲዮዎች ውጪ በትንሽ ብር የተሰሩ፣ «ደፋር» የሚባሉ ፊልሞች ናቸው። እንዲህ ያለ ቀረጻ ላይ አንድ ሰው የሦስት ሰው ስራ ይሰራል፤ ብሩም ቀኑም ስለሚያጥር እሺ ያላለ ሰው ሁሉንም እንደከዳ ይታያል። ትወናውን ግን ከልቤ እወደው ነበር።

ሦስተኛው ፊልም ላይ፣ እኩለ ሌሊት አልፎ፣ ዳይሬክተሩ ጠጋ ብሎ ስክሪፕቱ ላይ የሌለ ነገር ጠየቀኝ። ልብሴን ሙሉ በሙሉ እንዳወልቅ። «ሳትዘጋጂ ከሰራሽው ነው እውነት የሚመስለው» አለኝ። ክፍሉ ውስጥ አስራ አንድ ሰው ቆሞ ይጠብቃል። መብራት የያዘው ልጅ ዓይኑን መሬት ላይ እንደተከለ እስከ ዛሬ ትዝ ይለኛል። ከ2018 እ.ኤ.አ. ወዲህ ኤችቢኦን የመሰሉ የአሜሪካ የቴሌቪዥን ድርጅቶች እንዲህ ላሉ ሲኖች (ትዕይንቶች) ኢንቲመሲ ኮኦርዲኔተር ያቆማሉ፣ ተዋናይዋ መስማማቷን የሚጠይቅ ሰው ማለት ነው። ለእኔ ያን ቀን ማንም አልነበረም። እምቢ ማለት አቃተኝ። ሰራሁት። ስጨርስ አጨበጨቡልኝ።

ከዚያ በኋላ እንቅልፍ የለም። የፈረንሳዊቷን ተዋናይት የማሪያ ሽናይደርን ታሪክ ያነበብኩት ያኔ ነው። በ1972 እ.ኤ.አ. የወጣውን «ላስት ታንጎ ኢን ፓሪስ» የሚባል ፊልም ስትሰራ ገና 19 ዓመቷ ነበር። ዳይሬክተሩ ቤርቶሉቺ የሲኑን አንድ ነገር ሆን ብሎ ደብቆባት እንደነበር በ2013 ተናገረ፤ እሷ በ2011 ካረፈች በኋላ። ካሜራ ፊት ያለቀሰችው የእውነቷን እንደነበር እሷ በሕይወት እያለች ተናግራ ነበር። ያን አንብቤ ወለሉ ላይ ተንበረከክሁ። ከልጅነቴ ወዲህ ጸልዬ አላውቅም ነበር። «ጌታ ሆይ አታሳፍረኝ፣ ይህ ነገር አይታይብኝ» ብቻ ነው ያልኩት። አራት ወር ሙሉ በየማታው ይህችኑ።

ፊልሙ ለፌስቲቫል ሊላክ ሦስት ሳምንት ሲቀረው፣ ሌላ ወረቀት ስፈልግ ውሌን አገኘሁት። ስፈርም አላነበብኩትም ነበር። እንዲህ ባለ ስራ ከዋናው ውል ጋር የሚያያዝ ሌላ ወረቀት አለ፤ በየትኛው ሲን ምን ያህል ሰውነት እንደሚታይ ይዘረዝራል፣ ተዋናይዋም ለብቻው ትፈርምበታለች። ያልተፈረመበት አይታይም ይላል። የእኔ ከኋላ ተያይዛለች፣ የፊርማው ቦታ ባዶ ነው። ነጭ! እጄ ተንቀጠቀጠ።

ወረቀቷ ድሮም እዚያ ነበረች፣ ጸሎቱ ምን ጨመረ የሚለኝ ሰው አለ። ያንን መሳቢያ በአራት ወር ውስጥ ስንቴ እንደከፈትኩት እኔ ነኝ የማውቀው። ያን ቀን ዓይኔን የከፈተው እሱ ነው፣ ይህን ማንም አያስጥለኝም።

የሕግ ባለሙያ የሆነች ጓደኛዬ አንድ ገጽ ደብዳቤ ጻፈችልኝ። ብር አልጠየቅንም። ሲኑ ይውጣ፣ ጥሬ ቅጂውም ይጥፋ፣ በቃ። አምስት ቀን መልስ ጠፋ፤ አምስቱንም ጾምኩ። በአምስተኛው ቀን ማታ ፕሮዲውሰሩ ራሱ ደወለ። ተቆርጧል አለኝ፣ ቅጂውም መጥፋቱን በጽሑፍ ላከልኝ።

ከዚያ ወዲህ ካሜራ ፊት አልቆምኩም። ፊልሙ የታየ ቀን ግን ሄድኩ፣ መጨረሻው ወንበር ላይ ተቀመጥኩ። ሲኑ ደረሰ። እጄ የሸሚዜን የመጀመሪያ ቁልፍ ይይዛል፣ ስክሪኑ ይጨልማል፣ ከዚያ ጠዋት ነው፣ መስኮት ስከፍት ያሳያል። ስሙ ይባረክ! አዳራሹ ጨለማ ውስጥ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ።