ስሙን ትቶ ፊቱን የሰጠው ሰው

ሰማዩ ከጠዋት ጀምሮ እንደጠቆረ ዋለ፤ እኔም አብሬው። ለነገው ሰርግ ሸሚዝ እየተኮስኩ ሳለ የህንዱ ፊልም ሠሪ ጉሩ ዱት ትዝ አለኝ። ሰበቡ ሸሚዙ መሆን አለበት። እ.ኤ.አ. በ1940ዎቹ፣ ህንድ ውስጥ ፑኔ ከተማ በነበረው የፕራባት ፊልም ኩባንያ ገና ጀማሪ ሳለ፣ በኋላ ዝነኛ ተዋናይ ከሆነው ከዴቭ አናንድ ጋር ያስተዋወቃቸው ልብስ አጣቢው ነው ይባላል፤ የአንዱን ሸሚዝ ለሌላው ሰጥቶ። ሁለቱም ስም ያልነበራቸው ወጣቶች ናቸው። ቀድሞ የተሳካለት ሌላውን ሊያነሣ ቃል ተገባቡ። ዴቭ ቃሉን ጠበቀ፤ በ1951 ጉሩ ዱት የመጀመሪያ ፊልሙን በእሱ ኩባንያ ሠራ።

እኔን የሚከነክነኝ ግን የኋላው ነው። በ1959 «ካጋዝ ኬ ፉል»ን አወጣ፤ የህንድ የመጀመሪያው የሲኒማስኮፕ፣ ማለትም በሰፊ ስክሪን የሚታይ፣ ፊልም። የአንድ ፊልም ዳይሬክተር ውድቀት ነው ታሪኩ፤ ዳይሬክተሩን ሆኖ የተጫወተውም ራሱ ነው። ባዶው ስቱዲዮ ውስጥ ከላይ ወደ ታች የሚወርድ የብርሃን ዘንግ አለ፤ አቧራው ሲንሳፈፍ ይታያል። የካሜራ ባለሙያው ሙርቲ የውጭውን ፀሐይ በመስታወት እያንጸባረቀ አስገብቶ ነው ያመጣው። ደጋግሜ የማየው ያንን ቦታ ነው፤ መሀሉማ፣ እውነቱን ለመናገር፣ ይንዛዛል። ተመልካቹ ጀርባውን ሰጠው፤ ፊልሙ ከሰረ።

ከዚያ ወዲህ በአንድም ፊልም ላይ በዳይሬክተርነት ስሙን አላሰፈረም። ሥራውን ግን አልተወም። በዓመቱ በፕሮዲዩሰርነት ያወጣው «ቻውድቪን ካ ቻንድ» ሰመረለት፤ ዳይሬክተሩ ሌላ ሰው ነው። የ1962ቱ «ሳሂብ ቢቢ ኦር ጉላም» ላይ በዳይሬክተርነት የተጻፈው የስክሪፕት ጸሐፊው የአብራር አልቪ ስም ሆነ፤ የጉሩ ዱት እጅ ነው የሚሉ ግን ዛሬም አልጠፉም፤ አልቪም እንዲህ ሲባል አይወድም ነበር። በ1964፣ በ39 ዓመቱ፣ ሞተ።

ፈርቶ ነው እንዳልል፣ በሁለቱም ፊልሞች ላይ ተውኗል። ስሙን ሸሽጎ ፊቱን ለሺህ ተመልካች ያሰጣል። ኩራት ነው እንዳልል፣ ኩሩ ሰው የሌላውን ስም ከራሱ ቤት በር ላይ ይሰቅላል? ታዲያ ምኑ ነበር የተሰበረው?

ይህን የምመራመረው ደግሞ እኔ ነኝ፤ ለመሥሪያ ቤታችን መጽሔት አንዲት ግጥም በብዕር ስም ልኬ፣ በታተመች ማግስት ለእህቴም፣ ለጎረቤቱም፣ ለባለሱቁም «የኔ ናት» እያልኩ የዞርኩት።