ሳይቀመስ የሚሠራ ቁርስ

እንኳን ለብርሃነ ልደቱ በሰላም አደረሳችሁ!

ይህን የምጽፍላችሁ በገና ዋዜማ ማታ፣ ናሽቪል ከሚገኘው ቤቴ፣ ወጥ ቤት ውስጥ ቁጭ ብዬ ነው። የዶሮው ሽንኩርት እሳት ላይ ነው። ገና ስላልበሰለ ጊዜ አለኝ። ፍሪዘር ውስጥ ደግሞ ተቆርጦ የተደረደረ 12 ክብ የብስኩት ሊጥ አለ። የነገ ጠዋት ቁርሳችን ነው። ዘንድሮ የእሱን ነገር ላጫውታችሁ።

ብስኩት ስላችሁ ሻይ ውስጥ የምንነክረው ጣፋጩ እንዳይመስላችሁ። እዚህ ቴነሲ ብስኩት ማለት ያለ እርሾ የሚጋገር ትንሽ ትኩስ ዳቦ ነው። ከላይ ቡናማ፣ ከውስጥ ለስላሳ። ለሁለት ይከፈልና ግሬቪ ይፈስበታል። ግሬቪው ከተጠበሰ ሶሴጅ፣ ከዱቄትና ከወተት የሚሠራ ወፈር ያለ ነጭ መረቅ ነው፤ ቁንዶ በርበሬ ይበዛበታል። ድሮ የጉልበት ሠራተኛ ምግብ ነበር። ስሙን በአፓላቺያ ተራሮች ግንድ ሲቆርጡና ሲሰነጥቁ ከሚውሉ ሰዎች ጋር ስለሚያያይዙት እስከ ዛሬ “የመሰንጠቂያ ቤት ግሬቪ” የሚሉት አሉ። ትንሽ ሥጋ ብዙ ሰው ያጠግብበታል።

እዚህ ሰፈር በገባሁ በመጀመሪያው ዓመት፣ ዲሴምበር 25 ጠዋት፣ በሬ ተንኳኳ። ጎረቤቴ ናቸው። ብቻቸውን የሚኖሩ፣ በዕድሜ የገፉ ሴት ናቸው፤ እኔ በልቤ እማማ ነው የምላቸው። በፎጣ የተሸፈነ ሳህን ይዘዋል። እንፋሎቱ ከፎጣው ሥር ይወጣል። “በገና ሰው ብቻውን ቁርስ አይበላም” አሉኝ።

ምግብ ይዞ ደጅህ የመጣን ሰው መመለስ እንዴት እንደሚከብድ እናንተ ታውቁታላችሁ። እኔ ግን ጾም ላይ ነኝ። ጾመ ነቢያት ኅዳር 15 ገብቶ እስከ ገና ስለሚዘልቅ የእነሱ በዓል ሁልጊዜ ጾማችን ውስጥ ይውላል። ቅቤው አለ፣ ወተቱ አለ፣ ሥጋው አለ። ሥጋውም የአሳማ ነው። ሳህኑን ተቀብዬ በሩ ላይ ቆምኩ። ሳህኑ እጄን ያሞቀኛል፣ አፌ ግን ቃል ጠፍቶበታል። በኋላ እንደምንም ነገርኳቸው።

ይቀየሙኛል ብዬ ነበር። እሳቸው ግን ዝም ብለው ሰሙኝና “ታዲያ የእናንተ ገና መቼ ነው?” አሉ። ጃንዋሪ 7 አልኳቸው። ሳህናቸውን ይዘው ተመለሱ። ቀኑን ሙሉ ሆዴን ባር ባር ሲለው ዋለ።

ጃንዋሪ 7 ጠዋት ቤተ ክርስቲያን አድሬ ገብቼ ነጠላዬን እንኳን አላወለቅሁም፣ በሩ ተንኳኳ። እማማ ካርቶን አቅፈዋል። ዱቄት፣ ቅቤ፣ ወተት፣ የራሳቸው መጥበሻ። ከሁሉም በላይ ደግሞ የበሬ ሥጋ ሶሴጅ። ፈልገው ነው ያገኙት። “ዛሬ ይቻላል አይደል?” አሉኝ። ከዚያ በኋላ ምን እንዳልኳቸው አላስታውስም፤ ማልቀሴን ግን አስታውሳለሁ።

ወጥ ቤት ገብተን ሥራ ጀመርን። ከካርቶኑ በተርሚልክ የሚሉትን አወጡ። ቀመስኩት። አሬራ ነው! ቅቤ ተንጦ ሲወጣ የሚቀረው ያ ቀጭኑ፣ ኮምጠጥ የሚለው ወተት። እማማ በልጅነታቸው እናታቸው ሲንጡ አይተዋል፤ እኔም አያቴ ቅሉን ስትንጥ አይቻለሁ። የዛሬው የሱቅ በተርሚልክ ባክቴሪያ ተጨምሮበት የሚኮመጥጥ ወተት ነው፤ ሥራው ግን ያው ነው። ኮምጣጣነቱ ከቤኪንግ ሶዳው ጋር ሲገናኝ አረፋ ይሠራና ሊጡን ያነሳዋል።

ዱቄቱ ላይ እማማ ቀልድ አያውቁም። ኋይት ሊሊ ካልሆነ አይጋግሩም፤ በ1883 እዚሁ ቴነሲ፣ ኖክስቪል ከተማ የተጀመረ ነው። ከለስላሳ ስንዴ ስለሚፈጭ ፕሮቲኑ ትንሽ ነው፤ ሊጡ አይለጠጥም።

2 ኩባያ ዱቄት፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር፣ ሩብ የሻይ ማንኪያ ቤኪንግ ሶዳ፣ ጨው። ከፍሪጅ የወጣ ጠጣር ቅቤ 6 የሾርባ ማንኪያ ያህል፣ በጣት ጫፍ አተር አተር እስኪያክል ከዱቄቱ ጋር ይፈተጋል። ከዚያ አሬራው፣ ከ1 ኩባያ ትንሽ ጎደል ያለ። እኔ እንደ ድፎ ዳቦ ላሸው ስጀምር እጄን ያዙኝ። ይህ አይታሽም። ሰብሰብ፣ ጠፍጠፍ፣ አጠፍ፣ በቃ። ቅቤው ሳይቀልጥ ምድጃ መግባት አለበት፤ እዚያ ሲቀልጥ የሚወጣው እንፋሎት ነው ንብርብሩን የሚፈጥረው። በብርጭቆ አፍ ሲቆረጥም ቀጥ አድርጎ መጫን እንጂ ማዞር የለም፤ ከተዞረ ጠርዙ ይጣበቅና አይነፋም። 450 ፋራናይት፣ ከ12 እስከ 15 ደቂቃ።

ግሬቪው ለእኛ ሰው ቀላል ነው። ሽሮ ያማሰለ እጅ ጓል አያስቸግረውም። 1 ፓውንድ ሶሴጅ ፈርፈር እየተደረገ ይጠበሳል። የበሬው ስቡ ትንሽ ስለሆነ ቅቤ ይጨመርበታል። ሩብ ኩባያ ዱቄት ይነሰነስበትና ጥሬ ሽታው እስኪለቅ ይቁላላል። ከዚያ 3 ኩባያ ወተት፣ ቀስ እየተባለ። “በርበሬ ጣል አድርጊበት” የምትሉኝ አላችሁ። አላደርግም። እማማ በሰጡኝ ጣዕም ነው የምወደው።

ይህ ከሆነ 9 ዓመት አለፈው። አሁን የእማማ ጣቶች አይታጠፉላቸውም፤ ቅቤ መፈተግ አይችሉም። ስለዚህ ዲሴምበር 25 ጠዋት እኔ እሠራለሁ። የበሬውንም ለምደውታል። ጾም ላይ ስለሆንኩ አልቀምሰውም። ጨዉን በሽታው ነው የምለየው። እናቴ ለፋሲካ ዶሮ ስትሠራ ድስቱ ላይ ጎንበስ ብላ፣ እንፋሎቱን በእጇ ወደ አፍንጫዋ እየሳበች “ጨው አንሶታል” ትል ነበር። ቀምሳ አታውቅም፤ ተሳስታም አታውቅም። ዘንድሮ እኔም መጥበሻው ላይ እንደዚያው ጎንበስ ብዬ ቆየሁና ትንሽ ጨመርኩ። በፎጣ ሸፍኜ ወሰድኩላቸው። እማማ አንድ ጉርሻ ወስደው ዓይናቸውን ጨፈኑ። “ልክ ነው” አሉኝ።

ነገ ደግሞ እሳቸው ይመጣሉ። ከቅዳሴ ስመለስ ሊጡን ከፍሪዘር ወደ ምድጃ፣ ግሬቪውን እሳት ላይ። ከቁርሱ በኋላ ዶሮው ይቀርባል። እማማ እንቁላሉን ለመጨረሻ ነው የሚያስቀምጡት።

ብቻችሁን የምታከብሩ ወዳጆቼ፣ ሥራ ላይ የምታድሩ፣ ከቤተሰብ ርቃችሁ በስልክ “እንኳን አደረሳችሁ” የምትባባሉ፣ ዛሬ ማታ ሁላችሁንም እያሰብኩ ነው። ሽንኩርቱ ቀይ መሆን ጀምሯል፤ ልነሳ።

መልካም ገና!